ያልነበረው ድንጋይ

ሯጭ ነበርኩ። «ነበርኩ» ለማለት ራሱ ሁለት ዓመት ፈጅቶብኛል። በአንድ ክለብ ሁለተኛ ቡድን ውስጥ ስድስት ዓመት ሮጫለሁ። ስሜ በሬዲዮ ተጠርቶ አያውቅም፤ ለሩጫ ብዬ ከአገር ወጥቼም አላውቅም። ሥራዬ አሯሯጭነት ነበር። ከፊት ሆኜ ፍጥነቱን አወጣለሁ፣ አሥረኛው ኪሎ ሜትር ላይ ወደ ዳር ወጥቼ ለሌሎቹ አጨበጭባለሁ። ልደታ ኮንዶሚኒየም ውስጥ ግን ይህን የሚለይ የለም። ግቢው በሙሉ «አትሌቱ» ነው የሚለኝ፤ ጥበቃው ሳይቀር ጠዋት ቁምጣ ለብሼ ስወርድ ቀበቶውን አስተካክሎ ነው በሩን የሚከፍትልኝ። አንድም ቀን አላረምኳቸውም። ሰው ሲያከብርህ «ኧረ ተሳስታችኋል» ማለት ከባድ ነው፤ ለእኔ ደግሞ ይብስብኛል። ይህ ጠባዬ ምን እንዳስደረገኝ ነው የምጽፈው፤ እየጻፍኩትም አፍራለሁ።

በሠላሳ አራት ዓመቴ ቀኝ ጉልበቴ እምቢ አለ። ሐኪሙ ፊልሙን ወደ መብራት አንሥቶ አየና «ሩጫ ይብቃህ፤ ብስክሌት ንዳ» አለኝ፣ ጫማ ቀይር እንደሚል ሰው ቀለል አድርጎ። ብስክሌት እንደማልችል ልነግረው አፈርኩና «እሺ ዶክተር» ብዬ ወጣሁ። ያደግኩት ከኮንዶሚኒየሙ አጠገብ፣ ጌጃ ሰፈር ነው። ልጆች ሆነን ብስክሌት በደቂቃ ይከራይ ነበር፤ እኩዮቼ እየወደቁ እየተነሡ ሲማሩ እኔ ከጎናቸው በእግሬ እየሮጥኩ እቀድማቸው ነበር። በእግሬ ከቀደምኩ ለምን እቀመጥበታለሁ እል ነበር። እውነቱን ለመናገር ግን ፈርቼ ነው። ሰው ፊት መውደቅን ፈርቼ።

ከሐኪሙ በወጣሁ በሳምንቱ ጌጃ ሰፈር ወደሚገኝ አንድ ብስክሌት ጠጋኝ ዘንድ ሄድኩ። ስማቸውን አልጠራም፤ ሰፈሩም ስማቸውን አይጠራም፤ ሁሉም «ጋሼ» ነው የሚላቸው። ስልሳ ሦስት ዓመታቸው ነው። ሱቃቸው ቆርቆሮ ናት፤ ከበስተኋላ በአንዲት በር ከመኖሪያ ቤታቸው ጋር ትገናኛለች። በወጣትነታቸው ለክለብ ሊጋልቡ ተመልምለው ነበር። ሆኖም እጃቸው ጥገና ላይ የተባረከ ሆነና አሠልጣኙ ኮርቻ ላይ ሳይሆን መኪና ላይ አስቀመጣቸው። ከዚያ ወዲህ ለአርባ ዓመት ያህል በየውድድሩ ከኋላ በሚከተለው መኪና ላይ ትርፍ ጎማ አቅፈው ተቀምጠዋል። «የወደቀውን ሁሉ ያነሣሁት እኔ ነኝ። እኔ ግን ወድቄ አላውቅም፤ መቼ ተወዳደርኩና!» ይሉና ይስቃሉ። ሳቁ የቀልድ ብቻ እንዳልሆነ ቆይቶ ነው የገባኝ።

የጎማ ቸርኬ ሲጣመም የሚያቀኑበት መንገድ ያስደንቀኝ ነበር። ጎማውን ያሽከረክሩና አንድ ዓይናቸውን ጨፍነው ይመለከቱታል፤ ከዚያ ትንሽዬዋን መፍቻ ይዘው አንዱን ሽቦ ጠበቅ፣ ሌላውን ላላ ያደርጋሉ። ሌላው ጋራዥ ለዚህ ሥራ መለኪያ አለው። እሳቸው «የእኔ መለኪያ ይቺ ናት» ብለው ዓይናቸውን ይጠቁማሉ። እግዜር ይስጣቸው፣ እኔንም በዚያው ዓይን አይተው የማልችል መሆኔን ሳልናገር አወቁብኝ። «ችግር የለም፤ ማለዳ ማለዳ ና» ብቻ አሉኝ።

ማለዳ ማለዳ ሄድኩ። በአዲሱ የብስክሌት መንገድ ላይ ከኋላ ኮርቻውን ይዘው እየገፉ አስተማሩኝ፤ ስልሳ ሦስት ዓመት የሞላቸው ሰውዬ አንድ አትሌት እየገፉ! ታክሲ የሚጠብቀው ሰው ቆሞ ይስቃል። አንዱ ወያላ «ፍሬን የለውም እንዴ አባባ!» ብሎ ጮኸ። በሁለተኛው ሳምንት ቀጥ ብዬ መሄድ ቻልኩ። በአራተኛው ሳምንት በሌላ ብስክሌት አብረውኝ ሲነዱ ዳገት ላይ እሳቸውን ቀደምኩ፤ ያን ቀን ያ ክፉው የሯጭ ልቤ ተመልሶ መጣ።

አንድ ቀን አንድ ደንበኛ የውድድር ማስታወቂያ ይዞ መጣ። ከከተማው ወጣ ብሎ በጠጠርና በኮረኮንች መንገድ የሚደረግ፣ ሰባ ኪሎ ሜትር የሚሸፍን ውድድር ነበር። ጋሼ ወረቀቱን ተቀብለው አነበቡት። ደግመው አነበቡት። ከዚያ «ዕድሜ አይጠይቅም» አሉ። «ይኸው እየው፣ ዕድሜ አይጠይቅም።» ሚስታቸውን እትዬን ጠርተውም አነበቡላቸው። እትዬ «እናንተ ልጆች ናችሁ?» ብለው ወደ ጓዳ ተመለሱ፤ ግን አልከለከሉም። ጋሼ ወደ እኔ ዞሩና «አንተ ሯጭ፣ አብረን እንግባ?» አሉኝ። ሲናገሩ ድምፃቸው የልመና ያህል ነበር። ከአርባ ዓመት በኋላ ከመኪናው ወርደው ኮርቻ ላይ ሊወዳደሩ ነው። እንግባ አልኳቸው፤ በዚያው ቀን ተመዘገብን።

የዝግጅታችን ነገር ቢነገር አያልቅም። ሯጭ ብስክሌት ላይ ሲወጣ ከነአመሉ ነው የሚወጣው። ትከሻዬን እያወዛወዝኩ እነዳለሁ፤ ከባዱን ማርሽ ካልገፋሁ የሠራሁ አይመስለኝም፤ ውሃ መጠጣት ሽንፈት ይመስለኛል። በሩጫ ቁምጣዬ እየነዳሁ መቀመጫዬ ቆሰለና ለሦስት ቀን ቢሮ ውስጥ ቆሜ ሠራሁ። ፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ነው የምሠራው። «ለምን አትቀመጥም?» ሲሉኝ «ወገቤን» እላለሁ። በመጨረሻ ጋሼ መቀመጫው ላይ ስፖንጅ ያለውን ጥብቅ ቁምጣ አስገዙኝ። እሱን ለብሼ ብስክሌት ተሸክሜ ከአራተኛ ፎቅ መውረድ ግን አልቻልኩም፤ ከላዩ የሱፍ ሱሪዬን እየደረብኩ ነበር የምወርደው። ግቢ ውስጥ ልብስ የሚያሰጡት ሴቶች ግን አይሸወዱም። አንደኛዋ «አትሌቱ ዛሬ ወፈርክሳ» አለችኝ። የዚያን ጊዜ ኀፍረት አሁን ሲታየኝ ጨዋታ ነው።

ቅዳሜ ቅዳሜ በአየር ጤና በኩል ወጥተን፣ ከአለም ገና አለፍ ብለን ወደ ጠጠሩ መንገድ እንገባ ነበር። ጋሼ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ የሚነግሩኝ አንድ ነገር ነበር። «እኔን አትከተለኝ፤ መንገዱን ተከተል። የፊትህን ጎማ አትይ፤ አርቀህ እይ። በመካከላችን ሁለት ብስክሌት የሚያስተኛ ቦታ ተው።» እኔም ሁልጊዜ «እሺ ጋሼ» እላለሁ፤ ሁልጊዜም አላደርገውም። ክለብ ውስጥ የተማርኩት ሌላ ነው። እኛ ስንሮጥ በሰልፍ ነው፤ ከፊትህ ያለውን ሰው ተረከዝ እያየህ፣ እሱ በረገጠበት እየረገጥክ። ክፍተት ከፈጠርክ አሠልጣኙ ከኋላ «ተቆረጥክ! ተቆረጥክ!» ብሎ ይጮህብሃል። የተቆረጠ ሰው ያልቅለታል፤ ማታ ምግብ ላይ እንኳ ማንም ቀና ብሎ አያየውም። ስድስት ዓመት ያየሁት ነገር ቢኖር የሰው ተረከዝ ነው።

ውድድሩ ሦስት ሳምንት ሲቀረው በአንዱ ቅዳሜ ዳገቱን ቀድሜያቸው ወጣሁ። ጫፉ ላይ ደርሰውብኝ ቁልቁለቱን ሲጀምሩ ግን ጥለውኝ ወረዱ። ሃያ ሜትር፣ ሠላሳ ሜትር ሆነ። ጠጠር ላይ እንዴት እንደሚወርዱ አይቼ መማር ነበረብኝ፤ ዘና ብለው፣ ክርናቸውን አጠፍ አድርገው ነበር። እኔ ግን የታየኝ ክፍተቱ ብቻ ነው። አንድ ሽማግሌ ሊቆርጡኝ ነው አልኩ በልቤ። ይህችን ቃል ለማንም ተናግሬያት አላውቅም፤ «አንድ ሽማግሌ» አልኩ፣ ኮርቻ ይዘው ያስተማሩኝን ሰው። ፍሬኑን ለቅቄ ወረድኩ። ደረስኩባቸው። ተረከዛቸውን ማየት ጀመርኩ፤ ፔዳሉ ላይ ያለውን የተበላ የጫማቸውን ጫፍ።

ሲነካ ተሰማኝ። የፊት ጎማዬ የኋላ ጎማቸውን ገፋ አደረገው፤ መሪው በሁለቱ መዳፎቼ ውስጥ አንዴ እንደ ስልክ ነዘረ። ያ ብቻ ነው። እኔ ወደ ግራ አፈንግጬ ቦይ ውስጥ ገባሁና በሁለት እግሬ ቆምኩ፤ ጭረት እንኳ አልነካኝም። እሳቸው ወደ ቀኝ ወደቁ፣ በትከሻቸው።

ሮጬ ደረስኩ። ተቀምጠው ቀኝ ክንዳቸውን በግራው ይዘዋል፤ ሽበታቸው በአቧራ ቀልቷል። «ምንድን ነው የመታኝ?» አሉ። አልተቆጡም። ማወቅ ፈልገው ነው፣ ጠጋኝ አይደሉ፤ የተበላሸው ምን እንደሆነ ማወቅ ይፈልጋሉ።

«ድንጋይ ነው ጋሼ» አልኩ።

አስቤ አላልኩትም። ይህን የምለው ለማመካኛ አይደለም፤ ሳይታሰብ የወጣ መሆኑ የበለጠ ያስፈራኛል። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባላል። ጋሼ መንገዱን ወደ ኋላ ዞረው አዩና «አላየሁትም» አሉ ቀስ ብለው። «አላየሁትም እኮ።» ያኔ ይህች ቃል ምን እንደምታመጣ ባውቅ ኖሮ ብዬ ራሴን ላጽናና እሞክራለሁ። ግን ባውቅስ ኖሮ? እርግጠኛ አይደለሁም።

ባጃጅ ለምኜ አለም ገና አደረስኳቸው፤ ከዚያ ወደ ከተማ ገባን። አንገትና ትከሻን የምታገናኘው አጥንት ተሰብራ ነበር። ክንዳቸው ታስሮ ስድስት ሳምንት ብስክሌት የሚባል ነገር እንዳይነኩ ተባሉ። ሐኪሙ ይህን ሲናገር ጋሼ በጣታቸው እየቆጠሩ ነበር። ውድድሩ የቀረው ሦስት ሳምንት ነው። ቆጥረው ሲጨርሱ ጣታቸውን አጠፉ።

በእኛ ሰፈር ደግሞ የታመመ መጠየቅ እንዲህ በቀላሉ የሚታለፍ ነገር አይደለም። ጌጃ ሰፈር ጋሼ ያልጠገኑለት ሰው የለምና ቤቱ ከጠዋት እስከ ማታ ሞላ። ሁሉም ብርቱካኑን፣ ሙዙን በፌስታል ይዞ ይገባል፣ «እግዜር ይማርዎ» ይላል፣ ይቀመጣል። ቀጥሎ «ለመሆኑ እንዴት ሆኖ ነው?» የሚለው ጥያቄ ይመጣል። በሽተኛ ማድከም አይገባም፤ ስለዚህ እትዬ ወደ እኔ ያመለክታሉ። «እሱ ነበር አብሮት። ልጄ፣ አንተ ንገራቸው። እሱ ባይኖር እዚያው ሜዳ ላይ ቀርቶ ነበር!» ይላሉ። እኔም ከሥራ መልስ በየቀኑ እዚያው ነበርኩ፤ አለመሄድ ራሱ ያሳብቅብኛል ብዬ ፈራሁ። እናም ነገርኳቸው። ለልብስ ሰፊው ነገርኩ፣ ለባለ ሱቋ ነገርኩ፣ ለዕድር ሰዎች ነገርኩ።

ድንጋዩ በመጀመሪያው ቀን የሎሚ ያህል ነበር። ማክሰኞ ብርቱካን አከለ፤ ምናልባት ፊት ለፊቴ ያለውን ፌስታል እያየሁ ይሆናል። ረቡዕ ጥቁር ሆነ። ሐሙስ አንድ ጎኑ ሾጠጥ አለና የጥቅል ጎመን ያህል ሆነ። መዝገብ ቤት ውስጥ ስሠራ ተራ የሚጠብቁ ምስክሮችን በየቀኑ አያለሁ። ሊዋሽ የመጣ ሰው በምን ይታወቃል ብትሉኝ ድሮም እነግራችሁ ነበር፤ ማንም ያልጠየቀውን ዝርዝር ያበዛል። ሚስቴ አንድ ቀን አብራኝ ጠይቃ ስንመለስ ደረጃው ላይ «ባለፈው ግን ሎሚ ነው ያልከኝ» አለችኝ። «ታዲያ ድንጋይ መለኪያ ይዤ ነበር የምወርደው?» ብዬ ጮህኩባት። አራተኛ ፎቅ እስክንደርስ አላናገረችኝም። ያስጮኸኝ ስለያዘችኝ ነው።

ነገሩን ያበላሸው ግን የጥቅል ጎመኑ ነው። ልብስ ሰፊው ሁለተኛ ሊጠይቅ መጥቶ ታሪኩን እንደገና ሰማና፣ ሰውየው ክፋት የለውም፣ «ጥቅል ጎመን የሚያህል ድንጋይ ካላዩማ፣ ዓይንዎን ይታዩ እንጂ ጋሼ!» አለ። ሰው ሁሉ ሳቀ። ጋሼም ሳቁ። ከዚያ ሳቁን አቁመው መዳፋቸውን ወደ ፊታቸው አቅርበው ተመለከቱት። አየኋቸው። አፌን ከፍቼ አንድ ቃል ብናገር ነገሩ እዚያው ያበቃ ነበር። ሙዝ ልጬ በላሁ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ጋሼ ሌላ ሰው ሆኑ። ከቤት ሲወጡ እግራቸውን ከማንሣታቸው በፊት መሬቱን ያያሉ፤ ጥላ ሲያገኙ ይሻገሩታል። እትዬ መርፌና ክር ከእጃቸው መቀማት ጀመሩ፤ አስፋልት ሲሻገሩ ደህናውን ክንዳቸውን ይዘው ይመሯቸዋል። ለአርባ ዓመት የሚያውቁትን መንገድ! ዓይን ሐኪም ዘንድ ወሰዷቸው። ሐኪሙ ለንባብ መነጽር አዘዘላቸውና ሩቅ ለማየት ደህና ናቸው አለ። ጋሼ ግን አላመኑም። «ሐኪም የሚያሳየው ፊደል ነው፤ ፊደል ቆሞ ይጠብቅሃል። ድንጋይ መቼ ይጠብቃል?» አሉኝ። እኔም «እሱስ ልክ ነዎት» አልኩ። ይህን ያልኩት እኔ ነኝ።

በሆዴ ግን ሁሉንም አውቀዋለሁ። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ እንደሚባለው፣ ማታ በተኛሁ ቁጥር ነገ እነግራቸዋለሁ እላለሁ፤ ነገ ሲመጣ ደግሞ ምክንያት አገኛለሁ። እንግዳ አለባቸው። ደክሟቸዋል። አጥንታቸው ይግጠም። አንዴ «አሁን ብነግራቸው የሚጎዳው እሳቸውን ነው» ብዬ ራሴን እስከማሳመን ደርሻለሁ። የራሴን ክብር እንደ በሽተኛ ስንከባከበው ሰነበትኩ።

ውድድሩ አሥር ቀን ሲቀረው ጋሼ ወደ ሱቁ ጠሩኝና የራሳቸውን ብስክሌት ከግድግዳው አወረዱ። ለዚህ ውድድር ብለው ከሰባት ብስክሌት አካል ለቅመው የሠሯት ናት። በአንድ እጃቸው የኮርቻዋን ቁመት ለእኔ እግር እየለኩ «አንተ ንዳልኝ። የአንተዋ ጠጠር ላይ ትዘላለች፤ ይቺ መሬት ትይዛለች» አሉኝ። ብሎኑን ማጥበቅ ሲያቅታቸው እኔ አጠበቅኩት። እትዬ ከበሩ ላይ ሆነው «እግዜር ያሳድግህ፣ የልጅ ያህል ሆንከው» ብለው መረቁኝ። አሜን አልኩ።

ነዳኋት። አሳፋሪው ነገር፣ ደስ አለችኝ። እንደ እሷ ዓይነት ብስክሌት ላይ ተቀምጬ አላውቅም፤ ጠጠሩ ላይ ቀጥ ብላ ትሄዳለች። ቅዳሜ ያንኑ ቁልቁለት ብቻዬን ወረድኩ። የወደቁበት ቦታ ላይ ስደርስ ፍጥነቴን እንኳ አልቀነስኩም። ምናልባት ከአሥሮቹ እገባለሁ ብዬ እያሰላሁ ነበር። እቤት ስገባ ሚስቴ ፊቴን አይታ «ዛሬ ምን አግኝተህ ነው?» አለችኝ፤ ያን ጊዜ ነው የራሴ ደስታ ያስጠላኝ።

የውድድሩ ዋዜማ ላይ ብስክሌቷን ለመጨረሻ ጊዜ ሊያዩልኝ ወደ ሱቁ ወሰድኳት። ከእኔ በፊት አንድ ምግብ የሚያደርስ ወጣት የተጣመመ ጎማ ይዞ ቆሟል። ጋሼ ጎማውን ማቆሚያው ላይ ሰቅለው በግራ እጃቸው አሽከረከሩት። አንድ ዓይናቸውን ጨፈኑ። አቆሙት። እንደገና አሽከረከሩትና ሌላኛውን ዓይን ጨፈኑ። ሦስተኛ ጊዜ ጎንበስ ብለው በጣም ተጠግተው አዩት። ከዚያ ጎማውን አውርደው ለባለቤቱ ሰጡት።

«ሌላ ጋ ውሰደው ልጄ። ዓይኔን አላምነውም።»

ወጣቱ «ኧረ ጋሼ፣ ከእርስዎ ሌላ ማን ይነካዋል!» አለ። ጋሼ ራሳቸውን ነቀነቁ። ልጁ ጎማውን ትከሻው ላይ አንጠልጥሎ ወጣ። ጋሼ ትንሽዬዋን መፍቻ መሳቢያ ውስጥ ከተው ዘጉና፣ ወደ እኔ ሳይዞሩ «ከባለቤቴ ጋር ተነጋግረናል። ሱቋን ብናከራያት ይሻላል። ሰው መንገድ ላይ ጎማ ወልቆበት ቢሞትብኝስ?» አሉ።

«ጋሼ፣ ድንጋይ አልነበረም» አልኩ።

«ምን?»

«ድንጋይ አልነበረም። እኔ ነኝ። በጣም ተጠግቼ ነበር፤ ጎማዬ ጎማዎን ነካው። የጣልኩዎት እኔ ነኝ።»

ቁመቴን ለክተው የጨረሱ እስኪመስለኝ አዩኝ። ጥፊ ጠበቅኩ፤ እውነቴን ነው፣ ተመኘሁት።

«አንድም ድንጋይ?» አሉ።

«አንድም።»

«ያ የጥቅል ጎመን የሚያህለው?»

«የፈጠርኩት ነው።»

«ታዲያ ያላየሁት ነገር የለማ!» ብለው ጮኹ። ፊታቸው በራ። ሌላ ምን እንደምል አላውቅም፣ በራ። በደህናው እጃቸው ጠረጴዛውን ደበደቡና ወደ በሩ ሮጡ። «አንተ! አንተ ልጅ! ተመለስ፣ ጎማውን አምጣው!» ወጣቱ ከመታጠፊያው ተመለሰ። ጋሼ ይስቃሉ፣ ዓይናቸው እንባ አቅርሯል። ያቀፉኝም መሰለኝ፤ ወይ ክንዴን ያዙኝ። ይዘውም አልለቀቁኝም።

«ና፤ ንገራቸው» አሉኝ።

መጀመሪያ ልብስ ሰፊው ዘንድ ወሰዱኝ። በሩ ላይ አቁመውኝ «ንገረው፣ ለእኔ የነገርከኝን ንገረው» አሉ። ነገርኩት። ልብስ ሰፊው እግሩን ከስፌት መኪናው መርገጫ ላይ አንሥቶ ሰማኝ። «ሾጠጥ ያለ ነው አላልክም እንዴ?» አለኝ። «አልነበረም» አልኩት። ጋሼ «ዓይኔ ደህና ነው! ሰማህ? ዓይኔ ደህና ነው!» ይላሉ። ልብስ ሰፊው «እሰይ፣ እንኳን ደስ ያለዎ ጋሼ» አላቸው። ወደ እኔ ግን አልተመለከተም፤ ጨርቁን አስተካክሎ መስፋቱን ቀጠለ። ቀጥሎ ባለ ሱቋ ዘንድ ሄድን። ቀጥሎ የዕድሩ ዳኛ ቤት። ጋሼ ሊያዋርዱኝ ፈልገው እንዳልሆነ ምዬ እናገራለሁ። ዓይናቸው ምስክር ያስፈልገው ነበር፤ ያለው ምስክር ደግሞ እኔ ብቻ ነኝ። በእያንዳንዱ በር ላይ የእሳቸው ፊት እየበራ፣ ሰዉ እሳቸውን እያየ ይስቅና ወደ እኔ ሲዞር ሳቁን ይሰበስባል። ድንጋዩን ለመፍጠር አንድ ሳምንት ፈጅቶብኝ ነበር፤ ሲፈርስ አንድ ሰዓት አልሞላም።

መጨረሻ ላይ እትዬ ቀሩ። ጓዳ በር ላይ ተቀምጠው ምስር ይለቅማሉ። ጋሼ «ስሚው፣ ስሚው» ብለው ከፊታቸው አቆሙኝ። ለአምስተኛ ጊዜ ተናገርኩት፤ ይሄኛው ግን እንደ መጀመሪያው ከበደኝ። እትዬ እስክጨርስ ጠበቁ። የባላቸውን ደስታ አይተው ፈገግ አሉላቸው። ከዚያ ፈገግታው ሳይጠፋ ወደ እኔ ዞሩና ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «እዚህች ወንበር ላይ ተቀምጠህ» አሉኝ። «እጁን ይዤ ሳሻግረው እያየኸኝ።»

ይቅርታ አልኩ፤ ቃሉ አንሶ ወጣ። እትዬ ወደ ምስራቸው ተመለሱ።

ጋሼ ወደ ሱቁ ይዘውኝ ተመለሱ። ደስታቸው ትንሽ ረገብ ብሎ ነበር። መሳቢያውን ከፍተው መፍቻዋን አወጡ፣ ጎማውን መልሰው ሰቀሉ። ወጣቱ አጠገባቸው ቆሟል። እኔ በነገው ውድድር ነገር ምን እንደምል ሳላውቅ የብስክሌቷን መሪ ይዤ ቆሜ ነበር።

«በል ወደ ቤትህ ግባ» አሉኝ፤ ድምፃቸው ውስጥ ቁጣ የለበትም። ጎማውን አሽከረከሩት። «ብስክሌቷን ግን እዚህ ተዋት።»

ግድግዳው ላይ አስደግፌ አቆምኳት። ጋሼ አንድ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ በጣታቸው እየጠቆሙ ለወጣቱ «አየህ፣ እዚህች ጋ ነው የተጣመመው» ይሉት ነበር። «ደህና ይሁኑ ጋሼ» ብዬ ጥቂት ጠበቅኩ። ጎማው ይሽከረከራል፤ ቀና ብለው አላዩኝም።